ሚዛኑን የሳተ ታካሚ እንዴት ይፈተሻል? ከወንበሩ አቀማመጥ እስከ መዝገቡ

በታካሚ ካርድ ላይ «ሮምበርግ ፖዘቲቭ» (ዐይኑን ሲጨፍን ሚዛኑን ይስታል እንደማለት) የሚል ጽሑፍ አይቼ፣ ታካሚዋን ራሴ ሳቆማቸው ዝንፍ ሳይሉ የቆሙበትን ጊዜ መቁጠር ትቻለሁ። የተገላቢጦሹ ይብሳል፤ «ሚዛን፦ ደህና» ተብለው የተሸኙ አዛውንት ሳምንት ሳይሞላቸው ዳሌያቸውን ሰብረው በቃሬዛ ይመለሳሉ። የፈተናዎቹን ስም የማያውቅ ባለሙያ የለም። የሚጎድለው አሠራሩ ነው። ወንበሩ ግድግዳ አልተደገፈም፣ ቀሚሱ እግር ሸፍኗል፣ አስታማሚዋ ክንድ ይዛለች፣ ሰዓቱ ዘግይቶ ተነሥቷል፣ የትከሻ ጉተታው ደግሞ የተኛ ሕፃን የመቀስቀስ ያህል ለስልሷል።

ይህ መመሪያ ለነርሶች፣ ለጤና መኮንኖች፣ ለፊዚዮቴራፒስቶችና ለጠቅላላ ሐኪሞች ነው። ቤተሰብ በሳሎን እንዲሞክረው አልተጻፈም፤ ደረጃ 8ን በተለይ። ቅደም ተከተሉን አታዛንፉ። ቀላሉ ከፊት፣ አስፈሪው ከኋላ የተደረገው ታካሚው እምነቱንም ጉልበቱንም ሳይጨርስ ሁሉንም እንዲያልፍ ነው።

## ማን አይቆምም

ከሚከተሉት አንዱ ካለ ፈተናውን ተዉት።

- ሚዛን ማጣቱ በድንገት ወይም በሰዓታት ውስጥ የመጣ ከሆነ፤ በተለይ አፍ ከተጣመመ፣ ንግግር ከተሳሰረ፣ አንድ ጎን ከዛለ፣ አንዱ ነገር ሁለት ሆኖ ከታየ ወይም ታካሚው ሳይደገፍ መቀመጥ ካቃተው። ወደ ድንገተኛ ክፍል ላኩ። «ማዞር ብቻ ነው» ብላችሁ አትለፉት፤ የንኡስ አንጎል (ሚዛንንና ቅንጅትን የሚመራው የአንጎል ክፍል) ስትሮክ እጅና እግር ሳያዝል፣ ማዞርና መንገዳገድ ብቻ ይዞ ሊመጣ ይችላል።
- ከወደቀ ወዲህ ዳሌውን ወይም ብሽሽቱን የሚያመውና እግሩን መርገጥ የማይችል። አስቀድሞ ራጅ ይነሣ።
- ሁለቱም እግሮቹ በቅርብ ቀናት የዛሉ፣ ሽንት የታገተበት ወይም የሚያመልጠው፣ መቀመጫው አካባቢ የደነዘዘ። ህብለ ሰረሰሩ ወይም ከሥሩ ያሉት ነርቮች ታፍነው ሊሆን ስለሚችል ይህም የድንገተኛ ጉዳይ ነው።
- የአከርካሪ ቲቢ፣ የአከርካሪ ስብራት ወይም የአንገት አጥንት ጉዳት የሚጠረጠርበት። ሐኪም ሳይፈቅድ አታቁሙት፤ ደረጃ 8 ደግሞ ጭራሽ ክልክል ነው።

## ዝግጅት

ብዙው ስሕተት የሚሠራው እዚህ ስለሆነ አትቸኩሉ።

1. ቢያንስ 5 ሜትር ቀጥ ያለ፣ ደረቅና ሜዳ ወለል ፈልጉ። የወለል ምንጣፍ ካለ አንሡት። ወለሉ አሁን ከተወለወለ እስኪደርቅ ጠብቁ። ክፍሉ ጠባብ ከሆነ ተመላላሹ በረድ ሲል ኮሪደሩን ተጠቀሙ።

2. ሁለት ወንበር አዘጋጁ። አንደኛው የእጅ መደገፊያ ያለው፣ የመቀመጫው ከፍታ 46 ሴንቲ ሜትር ገደማ የሆነ፤ ሁለተኛው መደገፊያ የሌለው፣ 43 ሴንቲ ሜትር ገደማ የሆነ። በሜትር ለኩት። ጎማ እግር ያለው የቢሮ ወንበር አይሆንም። የፕላስቲክ ወንበርም እግሩ ይከፈታል፤ አማራጭ ከሌለ ሁለቱን ደርባችሁ ከግድግዳ አስደግፉ።

3. ከወንበሩ ፊት እግሮች ጀምራችሁ 3 ሜትር ለኩና ወለሉ ላይ ደማቅ ፕላስተር ለጥፉ። «ያህል» የለም። ግማሽ ሜትር ቢያንስ ቁጥሩ ሁሉ ከንቱ ነው።

4. ሰዓት፣ የደም ግፊት መለኪያ፣ ባለ 128 ኸርዝ ቱኒንግ ፎርክ (ሲመታ የሚነዝር ሹካ መሰል ብረት)፣ ማስመሪያ፣ ወረቀትና እስክሪብቶ በአንድ ቦታ ይሁኑ። የስልክ ሰዓት ይበቃል፤ ግን ስልኩ ጥሪ እንዳይቀበል አድርጉ። በ9ኛው ሰከንድ ላይ ስልክ ጮሆ ታካሚ ሲበረግግ አይቻለሁ።

5. የታካሚ መያዣ ቀበቶ በብዙ ቦታ የለም። እኔ መቀነት እጠቀማለሁ፤ ሰፊው የጥጥ መቀነት ወገብ ላይ ሁለት ዙር ተጠምጥሞ በጎን ሲቋጠር በደንብ ይያዛል። አራት ጣታችሁ በመቀነቱና በሰውነቱ መካከል መግባት አለበት፤ ከዚያ ከሰፋ ወደ ብብት ይሸሻል። ሆዱ በቅርብ የተቀደደ፣ የተሰፋ ወይም ቱቦ የገባለት ታካሚ ላይ አትሰሩት።

6. ሁለተኛ ሰው ይኑር። ታካሚው ከእናንተ የሚከብድ ከሆነ ያለ ሁለተኛ ሰው አትጀምሩ። አስታማሚ ረዳት አይደለም፤ አባቱ ሲንገዳገድ ያየ ልጅ ዘሎ ይይዛል፣ ፈተናውም እዚያው ያበቃል። ወንበር ስጡትና «እኔ ካልጠራሁህ አትነሣ» በሉት።

7. ልብስና ጫማ። ቀሚስ ከቁርጭምጭሚት በላይ ይሰብሰብ፣ ነጠላ ወይም ጋቢ ይቀመጥ። ሸበጥና የላስቲክ ጫማ ይውለቅ። ለቁመት ፈተናዎች (ደረጃ 4 እና 5) ባዶ እግር፣ ለእርምጃው (ደረጃ 6) ግን የዘወትር ጫማው ሸበጥ እስካልሆነ ድረስ እሱኑ ያድርግ። ካልሲ ብቻ አድርጎ መፈተን ክልክል፤ ያንሸራትታል።

## ደረጃ 1፦ ቁጭ ብሎ መጠየቅ

«ይወድቃሉ?» ብላችሁ አትጠይቁ። መልሱ «ኧረ ደህና ነኝ፣ እግዚአብሔር ይመስገን» ነው። እንዲህ ጠይቁ፦

- «ካለፈው ዓመት ይህን ጊዜ ወዲህ ስንት ጊዜ መሬት ነኩ?»
- «ሲወድቁ ምን እያደረጉ ነበር? ከመኝታ ሲነሡ? ሲዞሩ? ወደ ላይ ሲያዩ?»
- «ፊትዎን ሲታጠቡ ይንገዳገዳሉ? ሌሊት መብራት ጠፍቶ ወደ ደጅ ሲወጡስ?»
- «የትኞቹን መድኃኒቶች ይወስዳሉ? አምጥተዋል?»
- «ዛሬ እህል ውኃ ቀምሰዋል?»

ሦስተኛው ጥያቄ ቀልድ የሚመስላቸው አሉ። አንዲት እናት ለወራት «ጠዋት ጠዋት ያዞረኛል» ሲሉ ከርመው ነበር። ዝርዝሩን ስጠይቃቸው ልጃቸው በጆግ ውኃ እያፈሰሰችላቸው ጎንበስ ብለው ፊታቸውን ሲታጠቡ ብቻ ነው፤ ዐይናቸውን የሚጨፍኑት ያኔ ነዋ! በዐይን ተደግፎ የሚቆም ሰው ዐይኑ ሲጨፈን ይወድቃል። የእግራቸው ስሜት ሲመረመር እስከ ቁርጭምጭሚት የለም። የስኳር ሕመም ነበረባቸው።

መድኃኒት ውስጥ የምትፈልጉት የሚያሸና የግፊት መድኃኒት፣ አሚትሪፕቲሊን፣ ዳያዜፓምና የመሳሰሉ የእንቅልፍና የጭንቀት ክኒኖች፣ እንዲሁም ለፓርኪንሰን የሚሰጠው ሌቮዶፓ ነው። ሌቮዶፓ ከሆነ የመጨረሻው ክኒን በስንት ሰዓት እንደተወሰደ ጻፉ። መድኃኒቱ ሥራ ላይ ሳለና ካለቀ በኋላ የምታዩት ሰው አንድ አይደለም።

የጾሙ ጥያቄም ለወግ አይደለም። እስከ ከሰዓት ውኃ ያልቀመሰ አዛውንት የሚያሸና ክኒኑን ግን ጠዋት ውጦት ይመጣል፤ ቀጣዩ ደረጃ ላይ የምታገኙት ውጤት የዕለቱ ይሁን የዘወትር ሳታውቁ ትቀራላችሁ።

## ደረጃ 2፦ ተኝቶና ቆሞ የደም ግፊት

1. ታካሚው በጀርባው 5 ደቂቃ ይተኛ። አውሩ፣ ግን አታስነሡት።
2. ግፊቱንና የልብ ምቱን ለኩ።
3. መለኪያውን ክንዱ ላይ ትታችሁ አስነሡት። በቆመ በ1 ደቂቃና በ3 ደቂቃ ድጋሚ ለኩ። ክንዱ በልብ ከፍታ ይደገፍ።
4. የላይኛው ቁጥር 20 ወይም ከዚያ በላይ፣ ወይም የታችኛው 10 ወይም ከዚያ በላይ ከወረደ ሲቆም ግፊቱ ይወድቃል ማለት ነው።

ስሕተቱ፦ «ጊዜ የለም» ብሎ ተቀምጦና ቆሞ መለካት። ከመቀመጥ ወደ መቆም የሚደረገው ለውጥ አነስተኛ ስለሆነ ችግሩ ያመልጣል።

ዐይኑ ላይ ብዥ ካለበት ወይም ላብ ካጠመቀው ወዲያው አስተኙት፣ እግሩን ከፍ አድርጉ። በዚያ ቀን የቁመት ፈተና አይቀጥልም። ግፊቱ ወርዶ ምልክት ከሌለው መቀጠል ትችላላችሁ፤ ግን የሚቀጥለውን ሁሉ በዚህ መነጽር አንብቡት።

## ደረጃ 3፦ እግሩን መርምሩ

ይህን የዘለለ ሰው ደረጃ 5ን መተርጎም አይችልም።

ቱኒንግ ፎርኩን አስጩኻችሁ መጀመሪያ ግንባሩ ላይ አኑሩ፤ «ይህ ንዝረት ነው» በሉት። አለዚያ የብረቱን ቅዝቃዜ ንዝረት ብሎ ይመልሳል። ከዚያ የእግሩ አውራ ጣት አጥንት ላይ አድርጉና «ሲያቆም ይንገሩኝ» በሉ። እሱ «ቆመ» ሲል በራሳችሁ አውራ ጣት ላይ አኑሩት፤ እናንተ ጋ ገና በኃይል የሚነዝር ከሆነ ጎድሎታል። ካልተሰማው ወደ ቁርጭምጭሚት፣ ከዚያ ወደ ጉልበት ውጡ።

ቀጥሎ ዐይኑን ጨፍኖ የእግሩን አውራ ጣት ከጎንና ከጎን ይዛችሁ በጥቂቱ ወደ ላይ ወይም ወደ ታች አንቀሳቅሱና አቅጣጫውን ጠይቁ። ከላይና ከታች ከያዛችሁት የጣታችሁ ግፊት መልሱን ይነግረዋል። የሁለቱን እግሮች ጉልበት፣ የጫማ ሥር ቁስልና የበቀለ ጥፍርም ተመልከቱ፤ እሾህ የወጋውን ሰው ለነርቭ ሐኪም መላክ ያሳፍራል።

## ደረጃ 4፦ አራቱ አቋቋሞች

ዐይን ተከፍቶ፣ ያለ ምርኩዝ፣ እያንዳንዱ 10 ሰከንድ።

1. ሁለቱ እግሮች ጎን ለጎን ተጣብቀው።
2. የአንዱ እግር ውስጠኛ ጎን የሌላውን አውራ ጣት ነክቶ፤ ግማሽ እርምጃ እንደማለት።
3. የአንዱ ተረከዝ የሌላውን ጣቶች ነክቶ፣ በአንድ መስመር።
4. በአንድ እግር።

መጀመሪያ እናንተ ቆማችሁ አሳዩ። በቃል ማስረዳት ብቻውን ግማሹን ታካሚ ያደናግራል። ከዚያ ክንዱን ይዛችሁ አቋቋሙን እንዲይዝ እርዱት፤ ሲረጋ «ዝግጁ ነዎት? እለቅዎታለሁ» በሉና ልቀቁት። ሰዓቱን የምታስነሡት ስትለቁት ነው። እጁን ዘርግቶ ሚዛን መጠበቅ ይችላል፤ እግሩን ካንቀሳቀሰ፣ ከያዛችሁ ወይም ግድግዳ ከነካ ሰዓቱ ይቆማል። አንዱን ያላለፈ ወደሚቀጥለው አይሄድም።

አቋቋማችሁን ዕወቁ። ከጎኑና ትንሽ ከኋላው፣ ደካማ ጎን ካለው በዚያ በኩል፣ አንድ እግር ወደ ፊት። አንድ እጃችሁ መቀነቱ አጠገብ፣ ሌላው ከትከሻው ፊት፤ ሁለቱም ሳይነኩ። በጣት ጫፍ እንኳ መንካት ለሰውነቱ ትልቅ መረጃ ነው፤ የነካችሁት ታካሚ የተፈተነ አይደለም።

ሦስተኛውን አቋቋም 10 ሰከንድ መያዝ ያልቻለ አዛውንት የመውደቅ አደጋው ከፍ ያለ ነው። በአንድ እግር ከ5 ሰከንድ በታች የቆመም ያው።

## ደረጃ 5፦ ሮምበርግ

እግር ከእግር ተጣብቆ፣ እጅ ደረት ላይ ተጣምሮ።

1. ዐይን ተከፍቶ 30 ሰከንድ ይቁም።
2. እግሩን ሳያንቀሳቅስ «አሁን ዐይንዎን ይጨፍኑ፣ እኔ አለሁ» በሉት። ሌላ 30 ሰከንድ።

ታካሚው ፊቱን ወደ መስኮት አዙሮ አይቁም፤ ብርሃኑ በተጨፈነ ዐይን ይገባል። እናንተም ከአንድ ጎን አታውሩ፤ ድምፅ አቅጣጫ ይጠቁማል። ኮሪደሩ ላይ ራዲዮ ካለ አስጠፉ።

አሁን ሁሉም የሚሳሳትበት ቦታ ደረስን። መወዛወዝ ፖዘቲቭ አይደለም። ዐይኑን የጨፈነ ጤናማ ሰውም ይወዛወዛል። የቁርጭምጭሚቱን ጅማቶች ብታዩ ሲወጡና ሲገቡ ትመለከታላችሁ፤ ሰውነት ሥራውን እየሠራ ነው። ፖዘቲቭ የሚባለው ዐይኑ ተከፍቶ በደንብ የቆመ ሰው ሲጨፍን እግሩን ሲያነሣ ወይም ሲወድቅ ብቻ ነው።

ውጤቱን እንዲህ አንብቡ፦

- *ዐይኑ ተከፍቶም መቆም ካልቻለ* ሮምበርግ ሊሠራ አልቻለም ብላችሁ ጻፉ፤ ፖዘቲቭ አትበሉ። ንኡስ አንጎልን፣ የእግር ድካምን፣ ሌሎችንም ምክንያቶች አስቡ። እግሩን ከፍቶ የሚቆም፣ ሲጠጣ ብርጭቆውን የሚደፋ፣ ንግግሩ የተቆራረጠ ከሆነ ንኡስ አንጎል ይቀድማል።
- *ሲጨፍን ከወደቀና በደረጃ 3 ንዝረቱ ከጠፋ* እግሩ የት እንዳለ ለአንጎል የሚናገረው መንገድ ተበላሽቷል። የስኳር ሕመም፣ የቫይታሚን ቢ12 እጥረት፣ የአልኮል ጉዳትና ያልታከመ የቆየ ቂጥኝ ከሚፈለጉት ውስጥ ናቸው።
- *ሲጨፍን ከወደቀና ንዝረቱ ደህና ከሆነ*፣ በተለይ ሁልጊዜ ወደ አንድ ጎን ከሆነ፣ የውስጥ ጆሮን ጠርጥሩ።
- *ከወገቡ በላይ እንደ ዛፍ እየተወዛወዘ እግሩ ግን ካልተነቃነቀ* ግንባሩ ላይ በጣታችሁ ቁጥር እየጻፋችሁ «ስንት ነው?» በሉት። ሐሳቡ ሲሰረቅ ቀጥ ብሎ ከቆመ አብዛኛው ፍርሃት ነው። «ያስመስላል» ብላችሁ ግን አትጻፉ። ፍርሃትም ይጥላል።

ደረቅ ወለል ላይ ያለፈውን፣ ግን የጆሮ ችግር የምትጠረጥሩበትን ሰው ወፍራም ስፖንጅ ላይ አቁማችሁ ድገሙት። ተራ የፍራሽ ስፖንጅ ከሆነ ሰከንዱን ከመጻሕፍት ቁጥር ጋር አታወዳድሩ፤ ጥንካሬው ይለያያል። ዐይን ጨፍኖ 50 እርምጃ በቦታው ማስረገጡን እኔ ትቼዋለሁ፤ ጤናማውም ስለሚዞርበት ከሚጠቅመው የሚያሳስተው ይበዛል።

## ደረጃ 6፦ ተነሥቶ፣ ሄዶ፣ ዞሮ፣ ተመልሶ መቀመጥ

መደገፊያ ያለው ወንበር፣ የዘወትር ጫማ፣ ዘወትር የሚይዘው ከዘራ ወይም ዎከር።

1. ጀርባውን አስደግፎ ይቀመጥ።
2. እንዲህ በሉት፦ «ሂዱ ስልዎ ይነሡ፣ በዘወትር እርምጃዎ እስከ መስመሩ ይሂዱ፣ ይዙሩ፣ ተመልሰው ይቀመጡ። ውድድር አይደለም።»
3. አንድ ጊዜ ያለ ሰዓት ይሞክር።
4. «ሂዱ» ስትሉ ሰዓቱን አስነሡ፤ ከወንበሩ ሲነሣ አይደለም። ለመነሣት ሦስቴ የሚሞክር ሰው ሰከንዱን የሚያባክነው እዚያ ነውና። ተመልሶ ሲቀመጥ አቁሙ።

በቤቱ ለሚኖር አዛውንት 12 ሰከንድና ከዚያ በላይ የመውደቅ አደጋን ያመለክታል። ግን ሰዓቱን ብቻ አታንብቡ። ሲዞር እግሩን ጠብቁ፤ አንገትና ትከሻው እንደ ግንድ አንድ ላይ ይዞራል? ለመዞር ስንት እርምጃ ፈጀ? አንድ እጁ አይወዛወዝም? እግሩ መሬት ላይ ተሰክቶ ቀረ? ወንበሩ ጋ ሳይደርስ ይወረወራል? በ11 ሰከንድ ጨርሶ ሊቀመጥ ሲል ወንበሩን የሳተ ታካሚ አልፏል ብትሉኝ አልሰማም።

*ከተሳሳተ፦* መስመሩን አልፎ ከሄደ፣ ከአስታማሚው ጋር ለማውራት ከቆመ ወይም ሮጦ ከሆነ ሰዓቱን ሰርዙ፣ አሳርፉና ድገሙ። እጁን ከያዛችሁት ቁጥር አይጻፍም፤ «ያለ እርዳታ አልቻለም» ተብሎ ይጻፋል።

## ደረጃ 7፦ የ30 ሰከንድ መነሣትና መቀመጥ

መደገፊያ የሌለው ወንበር፣ ከግድግዳ ተደግፎ። እጅ በደረት ላይ ተጣምሮ ትከሻ ይያዝ። በ30 ሰከንድ ስንት ጊዜ ሙሉ በሙሉ ቀጥ ብሎ እንደቆመ ቁጠሩ። ሰዓቱ ሲያልቅ ከግማሽ በላይ ተነሥቶ ከሆነ ይቆጠርለታል። በእጁ ከተደገፈ ውጤቱ ዜሮ ነው።

ከ65 እስከ 69 ዓመት ወንድ ከ12 በታች፣ ሴት ከ11 በታች፤ ከ75 እስከ 79 ወንድ ከ11 በታች፣ ሴት ከ10 በታች ከሆነ ዝቅ ያለ ነው። ቁጥሮቹ የተገኙት ከአሜሪካ አረጋውያን ስለሆነ እንደ ብይን አትያዟቸው፤ የዛሬውን ሰው ከሦስት ወር በኋላ ከራሱ ጋር ማወዳደሪያ ይሁኑ። ዕድሜውን የማያውቅ ካለ አብዮቱ በ1966 ሲፈነዳ አግብቶ፣ ትምህርት ቤት ገብቶ ወይም ገና ሕፃን እንደነበረ ጠይቁት፤ ካርዱ ላይ ካለው «60» ይሻላል።

ጊዜ ካላችሁ ከዚህ በኋላ ክንድን ወደ ፊት ዘርግቶ መንጠራራትን ጨምሩ። በትከሻው ከፍታ ማስመሪያ ግድግዳ ላይ ለጥፉ፣ ክንዱን ዘርግቶ ጡጫ ይጨብጥ፣ እግሩን ሳያነሣ የቻለውን ያህል ወደ ፊት ይንጠራራ። ሁለት ሙከራ፣ ከዚያ ሦስት ልኬት፣ አማካዩ ይያዝ። ከ15 ሴንቲ ሜትር በታች አሳሳቢ፣ 25ና ከዚያ በላይ ጥሩ።

## ደረጃ 8፦ የትከሻ ጉተታ

ፓርኪንሰን ሲጠረጠር የግድ ነው፤ የሚበላሸውም ከሁሉ በላይ እሱ ነው። መጨረሻ ያደረግሁት አንዴ የተጎተተ ሰው ከዚያ በኋላ እናንተን ስለማያምን ነው።

ቦታ። ታካሚው ዐይኑን ከፍቶ፣ እግሩን በምቾት ከፈት አድርጎ ይቆማል። እናንተ ከኋላው። ከእናንተ ጀርባ ደግሞ ከ1 እስከ 2 ሜትር ርቆ ጠንካራ ግድግዳ ይኑር። ሥራ የጀመርኩ ሰሞን ግድግዳውን ከጀርባዬ አስጠግቼ አንድ ግዙፍ አባት ጎተትሁ። እኔና እሳቸው አብረን ግድግዳው ላይ ተለጠፍን፤ ስንት እርምጃ ሊራመዱ እንደነበር እስከ ዛሬ አላውቅም። ቦታ ከሌለ እርምጃ አይቆጠርም፤ ግድግዳ ከሌለ ደግሞ ሁለታችሁም ልትወድቁ ትችላላችሁ።

ማስረዳት። «አባባ፣ ከኋላ ሆኜ ትከሻዎን ወደ ኋላ እስብዎታለሁ። እንዳይወድቁ የፈለጉትን ያህል እርምጃ ወደ ኋላ ይራመዱ። ቢወድቁም እይዝዎታለሁ።» እርምጃ እንደተፈቀደ ካልተነገረው ግትር ብሎ ለመቆም ይታገላል።

ቅደም ተከተል።

1. የመጀመሪያው ጉተታ ለማሳያ ነው፤ ለስለስ ያለ፣ ነጥብ የማይሰጥበት።
2. ሁለተኛው ፈጣንና ጠንካራ ይሁን። ልኩ ይህ ነው፦ ታካሚው ወደ ኋላ መራመድ *ግድ* እስኪሆንበት ድረስ። ያልተራመደ ሰው ያልተጎተተ ነው።
3. ስትጎትቱ ራሳችሁም አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ሂዱ፣ ክንዳችሁን ከብብቱ ሥር ለመስደድ አዘጋጁ።
4. እርምጃዎቹን ቁጠሩ።

ነጥብ። አንድ ወይም ሁለት እርምጃ ሄዶ ከተመለሰ 0፤ ከ3 እስከ 5 እርምጃ ሄዶ በራሱ ከቆመ 1፤ ከ5 በላይ ሄዶ በራሱ ከቆመ 2፤ በደህና ቆሞ ሳለ ሲጎተት ምንም ምላሽ ሳይሰጥ የሚወድቅና ካልያዛችሁት የማይተርፍ 3፤ ሳይጎተት ወይም በትንሽ መነካት የሚወድቅ 4።

*ወደ ፊት ጎንበስ ብሎ ከጠበቃችሁ* አትጎትቱ። «ቀጥ ይበሉ፣ ወደ ፊት አይደገፉ» በሉና ወሬ አስጀምሩት፤ ቀጥ ሲል ጎትቱ። *መመሪያው አልገባው ከሆነ* አስረድታችሁ ድገሙት፤ ነጥቡ የአቅሙ እንጂ የድንጋጤው መለኪያ አይሁን። *ከእናንተ የሚከብድ ከሆነ* ሁለተኛው ሰው ከጎናችሁ ይቁም። በደረጃ 4 ጎን ለጎን መቆም ያልቻለን ሰው አትጎትቱ።

## ታካሚው ሲወድቅ

ክብደቱን ተሸክማችሁ ለማስቀረት አትታገሉ፤ የእናንተ ወገብ ይሄዳል፣ እሱም ይወድቃል። መቀነቱን ያዙ፣ አንድ እግራችሁን ወደ ፊት አውጡና በጭናችሁ ላይ አንሸራትታችሁ ወደ መሬት አውርዱት፤ ጭንቅላቱን ጠብቁ።

መሬት ላይ ሳለ አታስነሡት። አስታማሚዎች ብብቱን ይዘው ሊያነሡት ይመጣሉ፤ ከልክሉ። ጭንቅላቱ ነክቷል? ዳሌው፣ አንጓው ያመዋል? አንዱ እግር አጥሮ ወደ ውጭ ዞሯል? ዋርፋሪን ወይም ሌላ ደም የሚያቀጥን መድኃኒት ይወስዳል? ጭንቅላቱን መትቶ ይህን መድኃኒት የሚወስድ ከሆነ ደህና ቢመስልም ለሐኪም ያለ መዘግየት ይነገር። ሁሉም ሰላም ከሆነ በጎኑ ያዙሩት፣ በጉልበቱ ይንበርከክ፣ ወንበር ከፊቱ አምጡለት፣ እሱን ተደግፎ ይነሣ። የዕለቱ ፈተና እዚህ ያበቃል።

## መዝገብ

«ሚዛን ተመርምሯል» የሚል ዐረፍተ ነገር ለሚቀጥለው ባለሙያ ምንም አይነግርም። ምን እንደተደረገ፣ በምን ሁኔታ፣ ስንት ሰከንድ፣ ወደ የት እንደወደቀ ጻፉ። እንዲህ፦

> ግፊት ተኝቶ 142/84፤ በ1 ደቂቃ 136/82፤ በ3 ደቂቃ 138/84፤ ምልክት የለም። ንዝረት ሁለቱም አውራ ጣት የለም፣ ጉልበት ላይ አለ። አቋቋም፦ 10፣ 10፣ 4 ሰከንድ፤ አራተኛው አልተሞከረም። ሮምበርግ፦ ተከፍቶ 30፤ ተጨፍኖ በ6ኛው ሰከንድ ወደ ኋላ ወደቀ፣ ተያዘ። ሄዶ መመለስ፦ 17 ሰከንድ፣ በከዘራ፣ ለመዞር 6 እርምጃ። መነሣት፦ 7። ጉተታ፦ 1። ባዶ እግር፤ ለእርምጃው የቆዳ ጫማ። የመጨረሻ ምግብ 2፡00 ሰዓት ጠዋት።

ያላደረጋችሁትን «አልተደረገም» ብላችሁ ምክንያቱን ጨምሩ። ታካሚው ከመውጣቱ በፊት መቀነቱን ፍቱ፣ ጫማውን ተቀምጦ ያድርግ፣ ከዘራውን በእጁ ስጡት፤ አስታማሚውን አሁን መጥራት ትችላላችሁ።